ቅኝታችን ጎደሎ ነውን?

በቅርቡ አንድ ጓደኛዬ ክራሬን ከፒያኖ ጋር አስተያይቶ፣ «ክራርህ ተበላሽቷል፤ ደግሞም ከ12ቱ ድምፆች ሰባቱ ይጎድሉታል» አለኝ። የተናገረው በቅንነት ነው። ነገር ግን አሳቡ የብዙዎቻችን ስለ ሆነ መልሱን በዚህ ጋዜጣ መስጠት ወደድሁ።

በአውሮፓ ለረጅም ዘመን የሙዚቃው ሕግ አንዱን ድምፅ ቤት አድርጎ ሌሎቹን ወደ እርሱ መመለስ ነበር። ይህን እንደ ተፈጥሮ ሕግ የቈጠሩ ሊቃውንት ጥቂቶች አይደሉም። የቪየናው ተወላጅ አርኖልድ ሾንበርግ ግን በ1920ዎቹ (እ.ኤ.አ.) መጀመሪያ 12ቱን ድምፆች እኩል አድርጎ ሰደራቸው፤ ሁሉም ተራቸውን ሳያገኙ አንዱ እንዳይደገም ደነገገ። እንግዲህ የቀድሞው ሕግ የሰው ሥራ መሆኑን አውሮፓዊው ራሱ ካሳየ፣ እኛ በዚያው ሚዛን ተመዝነን ስለ ምን እናፍራለን?

ትዝታ፣ ባቲ፣ አምባሰልና አንቺ ሆዬ ለኔ የሚባሉ ቅኝቶች አሉን። እያንዳንዱ አምስት ድምፅና የራሱ ሥርዓት አለው። አንቺ ሆዬ ለኔን ወደ ፒያኖ አቅርበን ብንቈጥረው፣ ከመነሻው እስከ አራተኛው ድምፅ ስድስት ግማሽ ድምፅ ይሆናል። ይህን ርቀት የአውሮፓ የድሮ ትምህርት ይሸሸው ነበር፤ የእኛ ሰው ግን ሠርግ ያደምቅበታል።

እኔ የመንዝ ልጅ ነኝ። አባቶቻችን ጓሳን ለዓመታት ከግጦሽና ከአጨዳ ይዘጉት ነበር። ያልታጨደው ሣር በሕግ የተተወ እንጂ የጎደለ አልነበረም። ሰባቱ ድምፆችም እንዲሁ ናቸው። ከ1967 ዓ.ም. የመሬት አዋጅ በኋላ ያ ሥርዓት ሲፈርስ ጓሳው ተጎዳ፤ ኋላም ሕዝቡ ዳግመኛ ሕግ አቆመለት። ክራርና በገና በኪቦርድ ልክ ብቻ ከተቃኙ፣ የእኛም ጆሮ እንደዚሁ ይጎዳል።

ይህን ስል አዲስ ነገር አይምጣ ማለቴ አይደለም። ግብፃዊው የሙዚቃ ሊቅ ሐሊም ኤል ዳብ በ1963 (እ.ኤ.አ.) ኦርኬስትራ ኢትዮጵያን ሲያቋቁም ክራሩን፣ ማሲንቆውን፣ በገናውንና ዋሽንቱን በአንድነት አሰለፈ እንጂ በፒያኖ አልተካቸውም።

ስለዚህ መምህራኖቻችን ሾንበርግንና ቅኝትን በአንድ ክፍል፣ በእኩል ክብር ያስተምሩን። እኛም ለዕረፍት ወደየአገራችን ስንገባ፣ ስልክ የሌለው የለምና፣ የሽማግሌዎችን በገናና ክራር እንደ ተቃኘ እንቅዳ። ከመቅዳታችን በፊት ግን «ተበላሽቷል» ብለን እንዳናርመው አደራ!