«የግል ጉብኝት ነው፤ አይረብሹን»

የጥምቀት በዓል አልፎ ጎንደር እንግዶቿን ማሰናበት በጀመረችበት ሰሞን፣ ከዋሽንግተን የመጣውን የእኅቴን ልጅና ባለቤቱን ተከትዬ በጃን ተከል ዋርካ ሥር ሳልፍ፣ ወጣቶቹ በግል የቀጠሩት አስጎብኚ አንዲት ቃል ሲናገር ሰማሁ፤ ያችም ቃል እነሆ እስከ ዛሬ ከጆሮዬ አልወጣችም። አስጎብኚው ወደ ግቢው በር ከመድረሳችን በፊት ቆም ብሎ፣ እጁን ወደ ዐፄ ፋሲል ግንብ አንሥቶ፣ ሕንጻውን የሠሩት ፖርቱጋሎች መሆናቸውን ሲያስረዳ፣ ከዋርካው ጥላ ሥር ጋቢ ተከናንበው፣ መቋሚያቸውን ጉልበታቸው ላይ አጋድመው የተቀመጡ፣ ኋላ መሪጌታ መሆናቸውን የተረዳሁት አንድ ሽማግሌ «ኧረ ልጄ፣ እንዲህስ አይባልም! ፋሲል እኮ እነሱን ከአገር ያስወጣ ንጉሥ ነው» አሉት። ወጣቱም ፊቱን ወደ እሳቸው ሳያዞር «አባቴ፣ ይህ የግል ጉብኝት ነው፤ አይረብሹን» ብሎ መለሰላቸው። ሽማግሌው ዝም አሉ። እኛም አለፍን።

እኔም አብሬ ማለፌን ባሰብሁ ቁጥር አፍራለሁ። ጠቤ ግን ከዚያ ወጣት ጋር አይደለም፤ እርሱ እንጀራውን የሚበላው ሌሎች ባወጡለት ደንብ ነውና። ጠቤ ደንቡን ካወጡት፣ ጎንደርንና ሐረርን፣ አክሱምንና ላሊበላን «የግል» በሚል ቃል እየሸነሸኑ ከሚሸጡት፣ በማስታወቂያቸውም ላይ «ማንም ሳይረብሽዎ» ብለው ከሚጽፉት ነጋዴዎች ጋር ነው። ማንም ማለት ማን ነው? በጎንደር ጎዳና ላይ እንግዳን ሊረብሽ የሚችለው ጎንደሬው ካልሆነ ሌላ ማን አለ? ቡናዋን አፍልታ «ግቡ፣ ደርሷል» የምትለው እናት፣ ከማኅሌት የሚመለሰው ደብተራ፣ በረንዳው ላይ የልብስ ስፌት መኪናውን የሚያሽከረክረው ሰፊ፣ ከዋርካው ሥር የተቀመጡት መሪጌታ፣ እነዚህ ሁሉ በማስታወቂያው ልሳን ረባሾች ተብለዋል ማለት ነው። ከተማ የሚሸጥልን ባለቤቱ ዝም ብሎ ነው።

ከዚህ ሁሉ የሚያስቆጣኝ ቃሉ የተነገረበት ቦታ ነው። ጃን ተከል በነገሥታቱ መዋዕል አዋጅ የሚነገርበት፣ ሠራዊት የሚሰለፍበት፣ ፍርድ የሚፈጸምበት አደባባይ ነበር። አደባባይ ማለት ደግሞ ነገር ሁሉ በሰው ፊት የሚሆንበት፣ ተናጋሪው ለሰሚው፣ ሹሙም ለሕዝቡ የሚታይበት ስፍራ ነው። የግቢው ቅጽር ራሱ አሥራ ሁለት በሮች ያሉት ሆኖ ሲሠራ፣ ብዙዎቹ በሮች ስማቸውን ያገኙት በየደጁ ከሚተላለፈው ሕዝብና ከሚፈጸመው ሥርዐት ነው፤ እንቢልታ ነፊዎቹ የሚገቡበት እንቢልታ በር ተባለ፤ የሙታን መታሰቢያ የሚደረግበት ደግሞ ተዝካሮ በር ተባለ። ነገሥታቱ እንኳ በዙፋናቸው ዘመን የግላቸው ብቻ አድርገው ያልዘጉትን ግቢ፣ ዛሬ አንድ አስጎብኚ ለአንድ ቀትር በተቀበለው ዋጋ የግል ሊያደርገው እንዴት ይቻለዋል?

ስለ ፖርቱጋሎቹ ወደ ተነገረው ልመለስ፤ የነገሩ ሥር ያለው እዚያ ነውና። ዐፄ ሱስንዮስ ከሮማ ሃይማኖት ጋር ተስማምተው ሳለ፣ ኢየሱሳውያን ካህናት በጎርጎራና በደንቀዝ ሕንጻ ሥራ እጃቸውን ማስገባታቸው የማይካድ ነው። ነገር ግን በ1624 ዓ.ም. ሱስንዮስ ሃይማኖቱ ወደ ቀድሞው ይመለስ ብለው ዐውጀው መንግሥቱን ለልጃቸው ለፋሲል ከተዉ በኋላ፣ ፋሲል ካህናቱን ከአገር አስወጡ፤ ጎንደርን መናገሻ አድርገው የቆረቆሩት ደግሞ ከዚያ በኋላ፣ በ1628 ዓ.ም. ገደማ ነው። እንግዲህ ያባረሯቸውን ሰዎች መልሰው ጠርተው ቤተ መንግሥታቸውን ያሠሩ ንጉሥ ናቸው ልንባል ነው! በ1640 ዓ.ም. ከየመን ወደ ፋሲል አደባባይ በመልእክተኛነት የመጣው ሐሰን አል ሐይሚ ግንቡን በዐይኑ አይቶ፣ የሠራው ሕንዳዊ ባለሙያ መሆኑን ጽፏል፤ ይህ ሰው ለማንም የማያዳላ እንግዳ ነበረ፣ ኖራው ገና ሳይጠቁርም ደርሷል። ከዚህም ጋር ድንጋዩን የጠረቡት፣ እንጨቱን የላጉት፣ ብረቱን የቀጠቀጡት የጎንደርና የአካባቢዋ እጆች ናቸው፤ ከእነዚህም መካከል የቤተ እስራኤል ግንበኞች፣ አናጢዎችና ቀጥቃጮች ድርሻ በታሪክ የታወቀ ነው።

በዚህ በመጨረሻው ነገር ላይ ጥቂት ልቆይ። ከከተማዋ ወጣ ብላ በምትገኘው በወለቃና በዙሪያዋ የነበሩት ቤተ እስራኤል በ1977 እና በ1983 ዓ.ም. ከሌሎች ወገኖቻቸው ጋር ወደ እስራኤል ከሄዱ በኋላ፣ ልጆቻቸውና የልጅ ልጆቻቸው ያባቶቻቸውን አገር ለማየት ወደ ጎንደር ይመለሳሉ። አንዲት በእስራኤል ተወልዳ ያደገች ልጅ፣ ከአያትዋ ስለ ግንበኝነት የሰማችውን በልብዋ ይዛ መጥታ፣ በግል በቀጠረችው አስጎብኚ አንደበት ይህ የፖርቱጋሎች ሥራ ነው ተብሎ ሲነገራት፣ አጠገብዋም «ውሸት ነው» የሚል አንድ ሰው እንዳይኖር አስቀድሞ ተከልክሎ ሲገኝ፣ ከዚህ የበለጠ ዘረፋ ምን አለ? የአያትዋን እጅ ከድንጋዩ ላይ ፍቀው ለሌላ ሰጥተውባታልና።

ይህ ሐሰት ስሕተትነቱ ተጽፎና ታትሞ ሳለ እንዴት እስከ ዛሬ በሕይወት ኖረ ብሎ የሚጠይቅ ቢኖር፣ መልሱ ያለው በዚያች «አይረብሹን» በምትል ቃል ውስጥ ነው። ነገር የሚጸናው በምስክር ፊት ሲነገር ነው። በሠርግ ቤት፣ በለቅሶ ቤት፣ በእድር ስብሰባ ላይ አንድ ሰው ስለ ጎንደር ያልሆነውን ሆነ ብሎ ቢናገር፣ ከአዳራሹ ማዕዘን አንድ ድምፅ ተነሥቶ ያርመዋል፤ ተናጋሪውም ያን ድምፅ ስለሚፈራ አስቀድሞ ጠይቆና አጣርቶ ይናገራል። ብዙ ሰው ባለበት ጉብኝት እንኳ አንድ አስተማሪ ወይም አንድ ያገር ልጅ ከመካከል አይጠፋም። በግል ጉብኝት ግን ሰሚው የማያውቅ ነው፤ የሚያውቀው ደግሞ እንዳይሰማ ተከልክሏል። ተናጋሪው የሚፈራው ሰው ከሌለ፣ የሚፈራው የእንግዳውን ፊት መጥቆር ብቻ ይሆናል፤ ስለዚህ እንግዳውን ደስ የሚያሰኘውን ይናገራል። ከባሕር ማዶ ለመጣ ሰው ደግሞ ግንቡን ከባሕር ማዶ የመጡ ሰዎች ሠሩት ማለት ለጆሮው የሚቀል ነገር ነው። ሐሰቱ የሚኖረው በዚህ ዐይነት ነው።

ጉብኝታችን ሁለት ሰዓት ያህል ፈጀ። የፋሲልን ግንብ፣ የልጃቸውን የጻድቁ ዮሐንስን ቤተ መጻሕፍት፣ የታላቁን ኢያሱን ቤት፣ የዳዊትን አዳራሽ፣ የበካፋንና የእቴጌ ምንትዋብን ሕንጻ በሩጫ አየን፤ በእያንዳንዱም ፊት ፎቶግራፍ ተነሣን። ስንወጣ በመንገዱ ዳር ረከቦቷን ዘርግታ፣ ቄጤማ ጎዝጉዛ የተቀመጠች አንዲት እናት «ልጆቼ፣ ቡናው አቦል ላይ ነው፤ አረፍ በሉ» ብትል፣ የእኅቴ ልጅ ሚስት ልትቀመጥ ጎንበስ አለች፤ አስጎብኚያችን ግን ሰዓቱን አሳይቷት፣ እጁን ከፊትዋ ዘርግቶ አሳለፋት። እናቲቱ የያዘችውን ሲኒ መልሳ በረከቦቱ ላይ አስቀመጠች። የእኅቴም ልጅ መኪና ውስጥ ስንገባ «ጋሼ፣ ጎንደርን ጨረስናት እኮ!» አለኝ።

ጎንደርን ጨረስናት! አርባ አራቱ ታቦት የሚባልላትን ከተማ! በ1880 ዓ.ም. ደርቡሾች ገብተው አብያተ ክርስቲያናቱን ሲያቃጥሉ፣ ደብረ ብርሃን ሥላሴ ከእሳቱ እንዴት እንደ ዳነች፣ ንቡ እንዴት ወጥቶ እንደ ተከላከለላት የሚነግረን ሰው ሳናገኝ፣ ጣራዋ ላይ የተሣሉት የመላእክት ገጾች ወደ ታች ሲመለከቱ ቀና ብለን ሳናይ፣ እቴጌ ምንትዋብ ወደ አረፉባት ወደ ደብረ ፀሐይ ቁስቋም ሳንወጣ፣ ጨረስናት! ልጁን አልወቀስሁትም፤ የተሸጠለት ይኸው ነውና።

ከሁሉም የሚቆረቁረኝ በአታ ለማርያምን ሳንረግጥ መሄዳችን ነው። በቤተ ክርስቲያን ትምህርት ሥርዐት እያንዳንዱ ሞያ ማስመስከሪያ ቦታ አለው፤ የጎንደር አቋቋም የሚመሰከረው በበአታ ነው። አንድ ደቀ መዝሙር በየገጠሩ ለዓመታት ተቀምጦ፣ ቆሎ ቆርጥሞ፣ በዝናብና በቁር ዜማውን ቢያደላድል፣ ወደ በአታ መጥቶ በመምህሩና በጓደኞቹ ፊት እግሩ ከመቋሚያው፣ መቋሚያው ከጸናጽሉ፣ ጸናጽሉ ከከበሮው ሳይፋለስ እስኪያሳይና እስኪመሰከርለት ድረስ፣ በዚያ ሞያ መምህር ተብሎ ወንበር አይዘረጋም። ቢስት በዚያው በጉባኤው መካከል ይታረማል፤ መታረሙንም ማንም እንደ ረብሻ አይቈጥረውም። ከመቶዎች ዓመታት በፊት የተሠራውን ዜማ ዛሬም ሳይዛነፍ የምንሰማው በዚህ ምክንያት ነው። አንዲት እርምጃ ያለ ምስክር እንዳትራመድ ይህን ያህል በተጠነቀቀች ከተማ፣ የከተማይቱን የራስዋን ታሪክ የሚናገር ሰው በማን ፊት አስመሰከረ? የአስጎብኚነት ፈቃዱ በኪሱ ሊኖር ይችላል፤ እኔ የምጠይቀው ግን በየዕለቱ የሚናገረውን ማን ይሰማዋል ብዬ ነው።

እንግዳው ደክሞት ይመጣል፣ ልጆች እየተከተሉ ያስቸግሩታል፣ ስለዚህ ከለላ ያስፈልገዋል የሚሉኝ አሉ። ልጅን ገሥጾ መመለስና ሊቅን ዝም ማሰኘት ምን አገናኛቸው? ለአንዱ ተብሎ የቆመው አጥር ሌላውን ሲያስቀር እያዩ፣ አጥሩን ለሚያመሰግኑ ሰዎች አዝናለሁ እንጂ አላከብራቸውም። እኔ የምሻው ቀላል ነው፤ አስጎብኚው የከተማው ሰው በሚሰማው ድምፅ ይናገር፤ ሽማግሌ «ኧረ ልጄ» ሲለው ቆሞ ይስማ፤ እንግዳውም የመሪጌታውን ቃል በአስጎብኚው ትርጓሜ ይስማ። በዚህ የሚከስር ነጋዴ ካለ ይክሰር።

በዚያው ቀን ማታ፣ ፀሐይ ወደ መጥለቂያዋ ስታዘቀዝቅ፣ የእኅቴን ልጅ ይዤ ወደ ዋርካው ተመለስሁ። መሪጌታው ከዚያው ነበሩ። ይቅርታ ጠየቅኋቸው፤ እሳቸው ግን ስለ ይቅርታው ምንም ሳይናገሩ በመቋሚያቸው ጫፍ ወደ ግንቡ እያመለከቱ፣ በመስኮቱና በበሩ ቅስት ዙሪያ ያለው ቀይ ድንጋይ ከጥቁሩ ጋር እንዴት ተሰካክቶ እንደ ቆመ፣ በአራቱ ማዕዘን ያሉት ክብ ማማዎች ጉልላታቸውን እንዴት እንደ ደፉ ለልጁ አስረዱት፤ ልጁም ለሁለት ሰዓት ያህል ያላነሣውን ጥያቄ ሁሉ አከታትሎ ጠየቃቸው። ልንለያቸው ስንል «ያ ጠዋት የነበረው ልጅ የማን ልጅ ነው?» አሉኝ። አላውቅም አልኋቸው። «ድምፁ መልካም ነው፤ ቢማር ይሆናል። እስቲ ካገኙት፣ ሥራውን ሲጨርስ ወደ እኔ ይላኩልኝ» አሉኝ።

በማግስቱ ረፋድ ላይ አየሁት። ሁለት ፈረንጆች አስከትሎ፣ ዋርካውን ከሩቅ ዞሮ፣ ድምፁን ዝቅ አድርጎ እያወራ ወደ ግቢው በር ሲያልፍ ነበር። ስሙን ስለማላውቅ «አንተ ልጅ!» ብዬ፣ አደባባዩን የሞላው ሰው ሁሉ እስኪዞር ድረስ፣ በኀይል ተጣራሁ።