ፍሎረንስ ካልቾዋን አዳነች፤ የእስቴ ገናስ?

ታኅሣሥ 29 ቅዳሴው አልቆ ጾም ከተፈታ በኋላ በመካነ ኢየሱስ ዙሪያ ባሉ የእስቴ ገጠሮች የጎረምሳው ጉዳይ ሌላ ነው። ጫፉ የቆለመመ ዱላ ይያዛል፤ የላይ ሰፈርና የታች ሰፈር ይለያል፤ ስንት ለስንት ተሰለፉ ብሎ የሚቆጥር የለም። መስመር የለም፣ ኦፍሳይድ የለም። ቅልጥም ላይ የሚያርፍ ዱላ ግን ሞልቷል። የተመታው ጌታ እንኳን ሎሌው ላይ መቆጣት አይፈቀድለትም፤ ፊፋ «ፌር ፕሌይ» እያለ ከሚሰብከው ስብከት ይሄ ሳይሻል አይቀርም።

የገና የሩቅ ዘመድ ጣሊያን ውስጥ አለ። የፍሎረንስ «ካልቾ ስቶሪኮ» በሕዳሴው ዘመን የደመቀ፣ ኋላ ግን ተቋርጦ እ.ኤ.አ በ1930 ዳግም የተጀመረ ጨዋታ ነው። በሳንታ ክሮቼ አደባባይ አሸዋ ላይ 27 ለ27 ይገጥማሉ፤ 50 ደቂቃ ሙሉ ቡጢው፣ ትግሉ፣ ግፊያው ሁሉ ይፈቀዳል። የከተማዋ አራት ሰፈሮች ሰማያዊ፣ ነጭ፣ ቀይና አረንጓዴ ለብሰው ይፋለማሉ። የአሸናፊው ሽልማት? ጥጃ! ሚሊዮን ዩሮ የለ፣ ዝውውር የለ።

እ.ኤ.አ በ2006 ነገሩ ከልክ አለፈና ጨዋታው ወደ ጅምላ ድብድብ ተለወጠ፤ በቀጣዩ ዓመት ውድድሩ ሳይካሄድ ቀረ። ሲመለስ ደንቡ ጠበቀ እንጂ ቡጢው አልቀረም፤ ሰፈሮቹም እነዚያው አራቱ ናቸው። ዋናው ቁም ነገር እዚህ ላይ ነው።

እኛ ጋ የተሄደበት መንገድ ለየት ይላል። በኢትዮጵያ ባህል ስፖርቶች ፌዴሬሽን ውድድር ገና ከትግል፣ ከገበጣና ከቀስት ጋር ቦታ አግኝቷል፤ ዳኛ፣ የተለካ ሜዳና የተቆጠረ ተጫዋች አለው። ጥሩ ነው፣ ባይኖር ኖሮ ይብስ ነበር። ነገር ግን የሚገጥሙት የክልል ምርጦች ናቸው። የላይና የታች ሰፈር እልህ በክልል ማልያ ውስጥ አይገባም። ቡናና ጊዮርጊስ ቀርተው «ምርጥ 11» ከ«ምርጥ 11» ቢጫወት ስታዲየም የሚገባው ስንት ነው?

ገንዘቡና ዋንጫው ከወረዳ ቢጀምር፣ ዳኝነቱም ጨዋታውን ለሚያውቁ የሰፈር ሽማግሌዎች ቢሰጥ ብዙ ወጪ አይጠይቅም። ያም ሆኖ ከ2015 ዓ.ም ክረምት ወዲህ ግጭት ውስጥ በገባው የአማራ ክልል፣ ጎረምሳ ዱላ ይዞ በሜዳ መሰብሰቡ ራሱ እንደ ድሮው ቀላል ነገር አልሆነም።