ዝም ያለው ፊልም ስለ ማን ይናገራል?

በአውሮፓውያን አቈጣጠር ኤፕሪል 23 ቀን 1924 የእንግሊዝ ንጉሥ ጆርጅ 5ኛ በለንደን ዳርቻ በዌምብሌ የግዛታቸውን ታላቅ የንግድ ኤግዚቢሽን ሲከፍቱ የተነሣው ፊልም ድምፅ የለውም። የንጉሡ ከንፈር ይንቀሳቀሳል፤ ቃላቸው ግን በዚያኑ ሰዓት በሬዲዮ ለሕዝብ ደርሷል። ለሌሎቹ ሬዲዮ አልተዘጋጀላቸውም።

ሌሎቹ እነማን ናቸው? ከናይጄሪያ፣ ከጎልድ ኮስትና ከሴራሊዮን የመጡት ሠራተኞች ናቸው። በሰሜን ናይጄሪያ ከተሞች አምሳል ቅጥር ተሠራላቸውና ሸማኔው ሲሸምን፣ ቆዳ ሠሪው ሲሰፋ ተመልካች የመግቢያ ዋጋ ከፍሎ ያያቸው ነበር። በካናዳ አዳራሽ ደግሞ የዌልስ ልዑል ሐውልት ከቅቤ ተሠርቶ ቆሞ ነበር (ከነፈረሱ!)። በኤግዚቢሽኑ ደንብ ሸማኔውም ቅቤውም ለዕይታ የቀረቡ ነበሩ። ድምፅ በሌለው ፊልም መካከል ብቅ የሚለው ጽሑፍም የሚናገረው የፊልም ኩባንያውን ሐሳብ ነው። የሸማኔው ስም ማን እንደሆነ፣ ምን ያህል እንደሚከፈለው ከዚያ አይገኝም።

ዝም ያላሉት ተማሪዎች ነበሩ። በዚያው ዓመት የለንደን ጋዜጦች ምዕራብ አፍሪካውያንን የሚያዋርድ ወሬ ሲጽፉ ናይጄሪያዊው የሕግ ተማሪ ላዲፖ ሶላንኬ በጽሑፍ ተቃወመ፤ በከተማው የነበሩት አፍሪካውያን ተማሪዎችም በማኅበራቸው ስም ለቅኝ ግዛት መሥሪያ ቤቱ አቤት አሉ። በ1925 ሶላንኬና የሴራሊዮኑ ዶክተር ባንኮሌ ብራይት የምዕራብ አፍሪካ ተማሪዎች ኅብረትን መሠረቱ። ኋላ ክዋሜ ንክሩማህ በለንደን የሠሩበት ማኅበር ይኸው ነው።

አንዳንድ ጓደኞቻችን እንዲህ ያለ ፊልም በተማሪዎች አዳራሽ ከቶ መታየት የለበትም ይላሉ። ቁጣቸው ይገባናል፤ ሐሳባቸውን ግን አንቀበልም። በሁለቱ ዓመታት ወደ 27 ሚሊዮን ጊዜ የተጎበኘውን ትዕይንት ሳናይ ስለ ቅኝ አገዛዝ ብንሟገት ክርክራችን ከወሬ አያልፍም። ደግሞስ የሸማኔውን የእጅ ጥበብ ለምን እንደብቀዋለን? እርሱ ምን አጠፋ?

የምንጠይቀው ለፊልሙ ድምፅ እንዲሰጠው ነው። በድሮ ሲኒማ ቤት ፒያኖ ይመታ ነበር፤ በእኛ አዳራሽ አንድ ተማሪ ከሸራው አጠገብ ቆሞ የ1924ቱን አቤቱታ ታሪክ ይንገር፤ ሥዕሉ በሚያስፈልግበት ቦታ ይቁም፤ ተመልካቹም ይጠይቅ። የሲኒማ ክበባችን ኮሚቴ ይህን በሚቀጥለው ስብሰባው እንዲወስንበት እንጠይቃለን። ተናጋሪ ከጠፋ ከመካከላችን ሁለት ሰዎች ዝግጁ ናቸው።